የዕንቁ ስልክ በሁዳዴ

ማክሰኞ፣ የካቲት 18

በሬሃ፣ በማገገሚያ ማዕከሉ፣ የምታማክረን ሴትዮ «ቤት ውስጥ ከሚጮኹ ይጻፉት» ብላኝ ነበር። አልጮህም ብያት ነበር። ይኸው እየጻፍኩ ነው።

ዛሬ ከሎጎፔዲ፣ ከንግግር ሕክምናው፣ ስንመለስ፣ አውቶቡስ ውስጥ የባለቤቴ የዕንቁ ስልክ ላይ መልእክት ገባ። ከገላነሽ መስሏት ፈጠን ብላ አየችው። ገላነሽ ደብረ ብርሃን ያለችው ታናሽ እኅቷ ናት፤ ቀኑን ሙሉ ሲጻጻፉ ይውላሉ። ከእሷ አልነበረም። መልእክት መላላኪያው ራሱ ነው የጻፈው። ስልክዎ አርጅቷል፣ ከዚህ ቀን በኋላ እዚህ ስልክ ላይ አልሠራም፣ አዲስ ይግዙ ይላል። ቀኑ በእኛ ሚያዝያ 27 ላይ ይውላል። ዕንቁ አነበበችው፤ ስልኩን ጉልበቷ ላይ ደፍታ ወደ መስኮቱ ዞረች። እኔ ሠፈራችን ጻይልስሃይም እስክንደርስ ስራገም ነበር። ፊት ለፊታችን የተቀመጠው ሰውዬ ተነሥቶ ቦታ ቀየረ።

ንዴቴ መልክ እንዲይዝ ነገሩን ከሥሩ ልጻፈው። ዕንቁን ስትሮክ የመታት በመስከረም ነው። ቀኝ እጇ አይታዘዝም፤ በምርኩዝ ትራመዳለች፤ ምላሷ ግን ጨርሶ እምቢ አለ። ሐኪሞቹ ደጋግመው እንደነገሩን ቋንቋዋ አልጠፋም። ሁሉን ትሰማለች፣ ሁሉን ታስባለች፤ አፏ ነው ቃሉን መሥራት ያቃተው። በግራ እጇ ብዕር ብትይዝ የሚወጣው ጭረት ብቻ ነው። የምትናገረው በዚህ አሮጌ ስልክ ነው። እንዲያውም በስልኩ ሳይሆን ውስጡ ባለው የአማርኛ መጻፊያ ነው። ሀ ሁውን እንደ ፊደል ገበታ ደርድሮ ያሳያል፤ «ለ»ን ስትነካው ከ«ሉ» እስከ «ሎ» ያሉት ዙሪያውን ይዘረጋሉ። ከድሮ ጀምሮ የምትጽፍበት ስለሆነ ዓይኗ ቦታቸውን ያውቃል። ሌሎቹ መጻፊያዎች ወይ በላቲን ነው የሚጀምሩት፣ ወይ ፊደሉን በራሳቸው ቅደም ተከተል በትነውታል። ላቲኑ ከሕመሙ ወዲህ ተምታቶባታል።

ዕድሜዬን በድልድይ ንድፍ ነው የፈጀሁት። ድልድዩ አረጀ ብለን ሰው እየተሻገረበት አንዘጋውም ነበር፤ መጀመሪያ ሌላ መሻገሪያ እንሠራለን። እነዚህ ግን ሰውን መሐል ወንዝ ላይ ትተው ነው «አዲስ ይግዙ» የሚሉት።


ቅዳሜ፣ የካቲት 22

ልጃችን ሕሊና ከምትኖርበት ከኦይሮፓፊርቴል መጣች፤ አዲስ ስልክ በካርቶን ይዛ። «ፓፓ፣ ችግሩ ተፈታ» አለች በጀርመንኛ። እኔ በአማርኛ እናገራታለሁ፣ ልጄ በጀርመንኛ ትመልስልኛለች። የኖርነው እንዲህ ነው።

ችግሩ አልተፈታም። የእናቷን መጻፊያ ፈለግን፤ ከስልኩ የፕሮግራም መደብር ወጥቷል። የሠራው አንድ ተማሪ ነበር አሉ፤ ትቶታል። ከአሮጌው ስልክ ቀድቼ አዲሱ ላይ በጉልበት ጫንኩት። ይከፈትና ይዘጋል፣ ይከፈትና ይዘጋል። ሕሊና ሌላ መጻፊያ አወረደችላት። ዕንቁ «ሰ»ን ፍለጋ ጣቷን ገበታው ላይ አንከራተተችው። ፊቷ ቀላ። ከዚያ አዲሱን ስልክ ቀስ ብላ ወደ ካርቶኑ መልሳ ክዳኑን ገጠመችው።

«ትለምደዋለች» አለች ሕሊና።

«አትለምደውም።»

«እሷን ጠይቃት እንጂ።»

«አያስፈልግም፣ አይቻታለሁ።»

ዕንቁ አንዴ እኔን አንዴ ልጇን ታያለች። በእጇ ስልክ የለም፤ አሮጌውን ለመቅዳት እኔ ይዤዋለሁ።

ሕሊና ኮሪደር ላይ ጫማዋን እያሠረች ለአንድ ጓደኛዋ በስልክ ስታወራ ሰማሁ። «ፓፓ ነው ለሁለቱም የሚናገረው፤ ማማ ተራ አይደርሳትም» ትላለች። ለሁለታችን ማን ይናገርልን ታዲያ? ክራንከንካሴው፣ የጤና መድኑ? እሷ? እሷማ እናቷ የጻፈችውን ለማንበብ እንኳ ወደ እኔ ነው የምታመጣው።


ሰኞ፣ የካቲት 24

ስልኩን ለሠራው ድርጅት ደወልኩ። ሙዚቃ አሰሙኝ። በኋላ አንድ ወጣት አነሣና የዚህ ሞዴል ድጋፍ አብቅቷል አለኝ። ባለቤቴ የምትናገርበት እሱ ነው አልኩት። አዲሱ ሞዴል ካሜራው በጣም የተሻለ ነው አለኝ። ዘጋሁበት።

ጾሙ ሁለተኛ ሳምንቱን ያዘ። ሥጋና ቅቤውን መተው ቀላሉ ነው።


ረቡዕ፣ መጋቢት 3

መንገድ አለ። አሮጌ ስልክ ላይ አዲስ ሲስተም የሚጭኑ ሰዎች ከየአገሩ የሚወያዩበት መድረክ ኢንተርኔት ላይ አገኘሁ። ለዕንቁ የሚሆነው መካከለኛ ሲስተም ነው። መላላኪያው «አርጅቷል» የማይለው፣ የእሷ መጻፊያ ደግሞ የማይወድቅበት። ለእሷ ስልክ እንዲህ ያለ አዘጋጅተዋል። ደመወዝ ሳይከፈላቸው። ድርጅቱ ያልሠራውን።

አጫጫኑን ለራሴ ግልጽ ላድርገው። ስልኩ ከዋናው ሲስተም ሥር ሪከቨሪ የሚሉት ትንሽ ፕሮግራም አለው፤ ስልኩ ሲታመም የሚነሣው እሱ ነው። የፋብሪካው ሪከቨሪ የፋብሪካውን ሲስተም ካልሆነ አያስገባም። ስለዚህ መጀመሪያ እሱን አንሥቶ፣ ሁሉን የሚቀበል ሌላ ሪከቨሪ መተካት ነው። ለዚያ የስልኩ መቆለፊያ መከፈት አለበት፤ ሲከፈት ደግሞ ውስጡ ያለው ሁሉ ይጠፋል። ከተሳሳትክ ስልኩ ጡብ ይሆናል፣ ዳግም አይነሣም ይላሉ። እየሳቁ ነው የሚጽፉት። እነሱ ጡብ ቢሆንባቸው ሌላ ስልክ ያነሣሉ።

ሄክስት ባቡር ጣቢያው አጠገብ የስልክ ጥገና ሱቅ ላለው ለኣሚር ወስጄ አሳየሁት። ኤርትራዊ ነው፣ ጨዋ ልጅ። ስልኩን አገላብጦ አየና መለሰልኝ።

«ጋሼ፣ እኔ መስታወትና ባትሪ ነው የምቀይረው። ይሄ በእጄ ቢሞት ምን ልልዎት ነው?»

ፈሪ አልኩት፣ በልቤ። ራሴው እሠራዋለሁ።


እሑድ፣ መጋቢት 7

ከቅዳሴ በኋላ አዳራሹ ውስጥ ኪሮስ መጣ። ከተማሪነት ጀምሮ ነው የምንተዋወቀው። ዕንቁ ፊት ጎንበስ ብሎ፣ ጆሮዋ የጠፋ ይመስል፣ «ዕ-ን-ቁ፣ እን-ዴት ነሽ» እያለ ይጮኻል። ከዚያ ቀና ብሎ እኔን ይጠይቀኛል። ትበላለች? ትተኛለች? ሎጎፔዲው ለውጥ አለው? ሁሉንም መለስኩለት። ደህና ናት፣ ትበላለች፣ ሌሊት ትነቃለች፣ ሻይ አትፈልግም፣ አሁን ጠጥታለች።

«አንተ እኮ ድሮም ስብሰባ ላይ ለሰው ዕድል አትሰጥም ነበር» አለኝ እየሳቀ።

ዕንቁ ፈገግ አለች። ከስንት ጊዜ በኋላ። ምኑ እንዳሳቃት አላውቅም።

አውቶቡስ ላይ ለገላነሽ ረጅም ነገር ጻፈችላት፤ እስክንወርድ አልጨረሰችም። «ምን እያልሻት ነው?» አልኳት። ስልኩን ወደ ደረቷ አስጠጋችው። ለእኔ የምትጽፈው «ውሃ»፣ «መድኃኒት»፣ «በቃ» ነው። ለአርባ ቃል የሚሆን ጉልበት ለገላነሽ አላት፤ ለእኔ «በቃ»።


ዓርብ፣ መጋቢት 12

ሁሉ ዝግጁ ነው። መጻፊያውን ኮምፒውተሩ ላይ ቀድቻለሁ። ፎቶዎቹን፣ ከገላነሽ ጋር የተጻጻፉትን ሁሉ አስቀምጫለሁ። አላነበብኩትም፤ ማስቀመጥ ሌላ ማንበብ ሌላ ነው።

ከምሳ በኋላ ዕንቁ አጠገብ ተቀምጬ አስረዳኋት። ስልኩ ይጠፋል፣ ባዶ ይሆናል፣ ከዚያ ይመለሳል፤ ነገ ጠዋት ጀምሬ ለማታ ትጽፊበታለሽ። በደንብ አዳመጠችኝ። ከዚያ ስልኩን አንሥታ መጻፍ ጀመረች። «እ» አለች። ቀጥላ «ሰ»ን ነካች፣ ዙሪያውን የተዘረጋውን እያየች ትመርጣለች።

«እሺ ነው? እሺ ካልሽ በቃ ጨርሰናል» ብዬ ስልኩን ተቀበልኳት፤ ቻርጅ ልሰካው።

ጣቷ አየር ላይ ቀረ። ደክሟት ነበር።


ቅዳሜ፣ መጋቢት 13

ኮምፒውተሩ ስልኩን አያይም። ኬብሉ ነው፤ ኤሌክትሪክ ብቻ የሚያሳልፍ ርካሽ ኬብል። ሌላ ፍለጋ መሳቢያ ገለበጥኩ፤ አገኘሁ።

አየው። መቆለፊያው ተከፈተ። ስልኩ «ሁሉም ይጠፋል» አለ። አዎ አልኩ። ጠፋ።

ሪከቨሪው ገባ ይላል። ስልኩን አስነሣሁት። ሪከቨሪው የለም። የፋብሪካው ተመልሶ ቦታውን ይዟል። በመጀመሪያ ሲነሣ በቀጥታ ወደ አዲሱ ሪከቨሪ ካልገባህ አሮጌው ይመለሳል፤ ገጹ ታች በደቃቃ ጽሑፍ ተጽፏል። ታች። በደቃቃ።

እንደገና።

አሁን የድርጅቱ አርማ ላይ ቆሟል። ይጠፋል፣ አርማው ይመጣል፣ ይጠፋል። ዕንቁ በሩ ላይ ምርኩዟን ይዛ ቆማ ታየኛለች። «አሁን፣ አሁን» አልኳት።


እሑድ፣ መጋቢት 14

አርማው። አርማው። አርማው።

ቤተ ክርስቲያን አልሄድንም። መድረኩ ላይ ጥያቄ ጻፍኩ፤ መልስ የለም። ሰው እሑድ ያርፋል ይሆናል።

ዕንቁ ከጠዋት ጀምሮ የሆነ ነገር ትፈልጋለች። ወደ እግሯ ታመለክታለች። ጫማ አመጣሁላት፤ ራሷን ነቀነቀች። ካልሲ። ብርድ ልብስ። ማሞቂያውን ከፈትኩ። ውጭ መውጣት አማረሽ አልኳት፤ ካፖርቷን ይዤ መጣሁ። ጠረጴዛውን በመዳፏ መታችው። «ዕንቁ፣ እኔም ሰው ነኝ፤ አንድ ነገር ልጨርስልሽ» አልኩ። ድምፄ ከፍ ብሎ ነበር። የላይኛው ቤት ሰዎች ወለሉን አንኳኩ።

ከዚያ በኋላ ምንም አላመለከተችም። ወንበሯ ላይ ተቀምጣ ዋለች። ጸጥታው ለሥራ ተመችቶኛል ብዬ ነበር።


ሰኞ፣ መጋቢት 15

ሆስፒታል ነን።

ሰኞና ሐሙስ ዕንቁን ልታጥብ የምትመጣው ራኬብ ናት ያየችው። ካልሲዋን ስታወልቅላት ባቷ አብጦ፣ ቀልቶ፣ ትኩስ ሆኗል። ራኬብ ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። ተንበርክካ ጠየቀቻት።

«እትዬ ዕንቁ፣ ያምዎታል? አዎ ከሆነ ዓይንዎን ይጨፍኑልኝ።»

ጨፈነች።

«ዛሬ ነው የጀመረዎት?» ዓይኗ አልተጨፈነም። «ትናንት?»

ጨፈነች። አጥብቃ።

«ጋሼ፣ ትናንት አልነገሩዎትም?» አለችኝ ራኬብ፣ አምቡላንስ እየደወለች።

የረጋ ደም ነው። ወደ ሳምባ ከመሄዱ በፊት ተደርሶበታል አሉ። ሐኪሟ የልጅ ልጄ ልትሆን የምትችል ልጅ ናት። ዕንቁን «ደረትዎን ያምዎታል?» አለቻት፤ «የለም፣ ደረቷን አያማትም» አልኩ። «እሳቸውን ነው የጠየቅኩት» አለችኝ። ተናደድኩ። ወጥቼ ኮሪደሩ ላይ ቆምኩ። በመስታወቱ በኩል አያቸዋለሁ፤ ሐኪሟ ትጠይቃለች፣ ዕንቁ ዓይኗን ትጨፍናለች፣ ትከፍታለች። ብዙ አወሩ።

ይህን የዓይን ነገር የሎጎፔዲ ሐኪሟ በጥቅምት አስተምራን ነበር። ጊዜ ይወስዳል፤ እኔ ቶሎ ይገባኛል ብዬ ትቼዋለሁ።

ስልኩ ቢኖራት ትናንት ጠዋት «እግሬን» ብላ ትጽፍ ነበር። እኔ ደግሞ ካፖርት ይዤ ቆሜ ነበር። ድርጅቱን እከሳለሁ። ማንን እንደምከስ ግን እንጃ።


ረቡዕ፣ መጋቢት 17

መድረኩ ላይ አንድ የማላውቀው ሰው አንድ መስመር መልሶልኛል። ያወረድከው ፋይል ለሌላው ሞዴል ነው፣ የአንተ መጨረሻው ላይ አንድ ፊደል ይጨምራል ይላል። ባትሪው ሥር ያለውን ጽሑፍ በማጉያ መነጽር አየሁት። ይጨምራል። ንድፍ ላይ አንዲት ፊደል የሳተ ሰው ስንቱን ያፈርሳል እያልኩ ወጣቶቹን የማስጨንቅ ሰውዬ፣ አንዲት ፊደል ስቼ ሚስቴን አፏን ያዝኳት።

ኮምፒውተሩን ይዤ ሆስፒታል ሄድኩ። ዕንቁ ለምርመራ ስለወረደች ጎብኚዎች የሚቀመጡበት ክፍል ገባሁ። ትክክለኛውን ሪከቨሪ ጫንኩ። ኬብሉን ነቅዬ፣ ድምፅ መጨመሪያውንና ማብሪያውን አንድ ላይ ተጭኜ ጠበቅኩ። አርማው መጣ። አልለቀቅኩም። አርማው ጠፋና ሰማያዊው የሪከቨሪ ገጽ ወጣ፤ ትልልቅ ቁልፎች፣ ሥርዓት ያለው። አጠገቤ የነበረች ቱርካዊት ሴት አይታኝ «ጥሩ ዜና ነው?» አለችኝ። አዎ አልኳት። የምናገረው ስለ ስልክ እንደሆነ አልነገርኳትም።

አዲሱ ሲስተም ገባ። መጻፊያውን ጫንኩት፤ ተከፈተ፣ አልተዘጋም። ሀ ሁ ሂ ሃ። መላላኪያውም ተመለሰ፤ የሰሞኑ መልእክት እየተከታተለ ገባ። አንዱ የገላነሽ ነበር። እያነበብኩ አይደለም፤ ብቅ ብሎ ነው ያየሁት።

«ምነው ጠፋሽብኝ? ዛሬስ እንዳሻው ስንቴ ጮኸ?»

ከጎኑ የሚስቅ ፊት አለ። እንዳሻው እኔ ነኝ።

ስልኩን ደፍቼ ተቀመጥኩ። ዛሬስ። ስለዚህ በየቀኑ ነው የሚቆጠረው። አሥር ሰዓት ላይ ነርሷ ዕንቁ ተመልሳለች ብላ ጠራችኝ።


ሐሙስ፣ መጋቢት 18

ትናንት ከዚያ በኋላ የሆነውን መጻፍ አልቻልኩም።

ስልኩን ስሰጣት ሁለት ጊዜ አየችው፣ ከዚያ እኔን። መጀመሪያ ለገላነሽ ጻፈች። ተቀምጬ ጠበቅኩ። ጣቷ ስትሄድ ድምፅ የላትም፤ ከንፈሯ ብቻ ይንቀሳቀሳል። ብዙ ጻፈች። ስትጨርስ መልሳ ባዶ ገጽ ከፍታ ለእኔ መጻፍ ጀመረች። «ዓ» ስትል «ዓይንሽን ነው?» አልኳት። ጣቷን አንሥታ ጠበቀችኝ። ዝም አልኩ። ቀጠለች። አልጋው ጎን ያለው መሣሪያ ድም ድም ይላል። ከዚያ አዙራ አሳየችኝ።

«ዓርብ ዕለት እስቲ ቆይ ልልህ ነበር። እሺ አላልኩም።»

ደሜ ፈላ። «ታዲያ ለምን አልጨረስሽውም? ስልኩ በእጅሽ ነበር እኮ» አልኳት። አጠገቧ የተኛችው ሴትዮ ወደ ግድግዳው ዞረች። ዕንቁ አልተቆጣችም። እንደገና ጻፈች፤ እንደገና ጠበቅኩ።

«አንተ ምላስ አለህ። የኔ ጣት አንድ ነው።»

ውሃ ልቅዳልሽ አልኳት። ውሃ አልፈለገችም። ቢሆንም ሄጄ ቀዳሁ።


እሑድ፣ ሚያዝያ 12፣ ፋሲካ

ቤታችን ነን። የባቷ እብጠት ሟሽሿል፤ መድኃኒቱን ለወራት ትወስዳለች።

ኪሮስ ሊጠይቀን መጣ። ገና ከበሩ «ዕ-ን-ቁ፣ እን-ኳን አደ-ረ-ሰሽ» ብሎ ጮኸ። ዕንቁ ስልኩን አነሣች። ኪሮስ የምትጽፈውን በጉጉት ይጠብቃል፤ እኔ መጠበቁ ስላላስቻለኝ ወጥ ላማስል ወጣሁ። ስመለስ ኪሮስ ስልኩን ከዓይኑ አርቆ ይዞ ያነባል።

«ኪሮስ፣ ጆሮዬ ደህና ነው። ቀስ ብለህ አውራኝ።»

ኪሮስ እስኪያለቅስ ሳቀ። ከዚያ ወንበሩን ወደ እሷ ስቦ፣ ጀርባውን ለእኔ ሰጥቶ፣ ከሰዓቱን ሁሉ ከእሷ ጋር ተጫወተ። ቤቴ ውስጥ አስተናጋጅ ሆንኩ። ጠላው አንሷል የሚለኝ እንኳ አልነበረም።


ረቡዕ፣ ሚያዝያ 29

ቀነ ገደቡ ሰኞ አለፈ። በማግስቱ ጠዋት ከአልጋ ሳልነሣ ነው ስልኩን ያየሁት። ስልኩ ይሠራል፤ ገላነሽ ሌሊቱን የቤቷን አጥር ጉዳይ ስትጽፍላት አድራለች። ለድርጅቱ የጻፍኩትን የስድብ ደብዳቤ ግን አልቀደድኩም። አስተካክዬ እልከዋለሁ።

ዛሬ ከሥራ በኋላ ሕሊና መጣች። እኔ ወጥ ቤት ሽንኩርት እከትፋለሁ፤ እናትና ልጅ ሳሎን ናቸው። ሕሊና ፊደል የቆጠረችው በልጅነቷ ሰንበት ትምህርት ቤት ነው፤ ግማሹን ረስታዋለች። የእናቷን ጽሑፍ ወደ እኔ ታመጣዋለች ብዬ ጠበቅኩ። አላመጣችም። ድምፅዋን ከፍ አድርጋ ራሷ ማንበብ ጀመረች፤ አንድ አንድ ፊደል።

«አ... ባ... ት... ሽ። አባትሽ።»

ቢላዬን አቆምኩ።

«ሲ... ቆ...» እዚህ ላይ ተያዘች። «ይሄ ጣ ነው ጠ?»

ጣ ነው። ሲቆጣ ነው። አፌ ላይ መጥቶ ነበር። ቀጥሎ የሚመጣውንም አውቀዋለሁ፤ ሲቆጣ ይጮኻል፣ ሲቆጣ አይሰማም፣ ሲቆጣ ጎረቤት ወለል ያንኳኳል። ጥርሴን ነክሼ ቆምኩ። ከሳሎን የሚሰማ ነገር የለም፤ ዕንቁ መልሱን እየጻፈችላት ነው። ያ ጣት ምን ያህል እንደሚዘገይ ከግድግዳ ወዲህ ሆኖ ነው የሚታወቀው።

«ሲቆጣ» አለች ሕሊና በመጨረሻ፣ ያለ እኔ አግኝታው። ከዚያ የተረፈውን ድምፅ ሳታሰማ አነበበች። ረጅም ነበር መሰለኝ።

«ኤሽት፣ ማማ?» አለች ቀስ ብላ። እውነትሽን ነው?

የዕንቁን ሳቅ ሰማሁ፤ ድምፅ የለውም፣ ትንፋሽ ብቻ ነው፤ ግን እሱ መሆኑን አውቃለሁ።

ሕሊና ወጥ ቤት ገባች። ውሃ ልትወስድ መስሎኝ ነበር። አጠገቤ ቆማ ጥቂት አየችኝ፤ ከዚያ ሌላ ቢላ ከመሳቢያ አውጥታ ነጭ ሽንኩርቱን ወደ እሷ ሳበች።

«ልርዳህ» አለች። በአማርኛ።

ምን እንደጻፈች አልጠየቅኩም። አሁንም ደሜ ይፈላል፤ በገዛ ቤቴ ስለ እኔ ተጽፎ ሦስተኛ ሰው ሆኜ ልቅር? ቢሆንም አልጠየቅኩም። ሽንኩርቱን ከትፈን ጨረስን።